ኅዳር 18 ወይስ ኅዳር 27? ስልካችን ላይ የጠፋው የጎንደር ቀን

ዛሬ ሐሙስ ነው፤ ኅዳር 18 ቀን 2018 ዓ.ም.። ጠዋት እንደ ወትሮው ዓይኔን ሳልገልጥ ስልኬን አነሳሁ። የእህቴ ልጅ የቤተሰብ ግሩፓችን ውስጥ «ኅዳር 18፣ ዛሬ በታሪክ» የሚል ረጅም ዝርዝር ለጥፋለች። በየቀኑ ትለጥፋለች። ከአንድ የቴሌግራም ቻናል ነው የምታመጣው። ጠቅላላ ዕውቀት አለው፣ የቀኑ ዜና አለው፣ የማን ልደት እንደሆነ ይናገራል፣ አንዳንዴ እንቆቅልሽ ጣል ያደርጋል። እናቷ ቡና ስትቆላ ጮክ ብላ ታነብላታለች። እኔም አነበዋለሁ፣ ደስ ይለኛል። አልዋሽም።

የዛሬው እንዲህ ይላል። በ1883 የአሜሪካና የካናዳ የባቡር ድርጅቶች በሰዓት ቀጠና መሥራት ጀመሩ። በ1918 ላትቪያ ነፃነቷን አወጀች። በ1928 ሚኪ ማውስ ድምፅ ባለው ፊልም ኒው ዮርክ ውስጥ ለሕዝብ ታየ። ከታች ሌላም ብዙ አለ። ስለ ጎንደር ግን አንዲት መስመር የለም።

እዚህ ላይ ቆም አልኩ። በመጀመሪያ፣ ጎንደር ውስጥ «በሃያ ስምንት» ሲባል ማንም ሚኪ ማውስን አያስታውስም። 1928 ጣሊያን የገባበት ዓመት ነው። የእህቴ ልጅ ያነበበችው 1928 ግን የፈረንጆቹ ነው። በእኛ 1921 ማለት ነው፤ ራስ ተፈሪ ንጉሥ ተብለው ዘውድ ከደፉ ስድስት ሳምንት ሲሆነው። ዝርዝሩ ይህን አይልም። ቁጥሩን ብቻ አስቀምጦ ያልፋል።

ሁለተኛው ይብሳል። ኅዳር 18 ራሱ የጎንደር ቀን ነው። በዚህ ቀን፣ በ1934 ዓ.ም.፣ ከተማዋን የያዘው የጣሊያን ጦር እጁን ሰጠ። ያኔም ዕለቱ ሐሙስ ነበር። ዘንድሮ 84 ዓመት ሞላው።

ቻናሉ ይህን አያውቅም እንዳትሉ። ያውቃል። አምና ለጥፎታል፤ ግን ኅዳር 27 ላይ ነው። «በዛሬው ቀን በ1941 ጎንደር ከጣሊያን ነፃ ወጣች» ብሎ የፋሲል ግንብን ፎቶ አያይዞበት ነበር። እኛም ልብ በልብ አደረግነው። እኔ ራሴ ልብ ካደረጉት አንዱ ነኝ፤ ስህተቱን ያየሁት ቆይቼ ነው።

ነገሩ እንዴት እንደሚበላሽ ለማየት ምንጩ ላይ መሄድ ያስፈልጋል። እነዚህ ዝርዝሮች አብዛኞቹ ከእንግሊዝኛ ይገለበጣሉ። እንግሊዝኛው «ኖቬምበር 27፣ 1941» ይላል። አዘጋጁ «ኖቬምበር» የሚለውን ያይና «ኅዳር» ብሎ ይጽፋል። ትምህርት ቤት የተማርነው እንደዚያ ነዋ! ጃንዋሪ ጥር፣ ፌብሩዋሪ የካቲት፣ ማርች መጋቢት። የትርጉም መሣሪያዎችም ብዙ ጊዜ ያንኑ ይደግማሉ። የወሩ ስም ተተረጎመ፣ ቀኑና ዓመቱ ግን እንዳሉ ቀሩ። የወጣው ነገር የኢትዮጵያም ቀን አይደለም፣ የፈረንጅም ቀን አይደለም። በየትኛውም የዘመን አቆጣጠር ድርጊቱ ያልተፈጸመበት ቀን ነው።

ኖቬምበር ኅዳር አይደለም። በአብዛኛው ኅዳር 1 የሚውለው ኖቬምበር 10 ላይ ነው። የኖቬምበር የመጀመሪያዎቹ ዘጠኝ ቀናት ገና ጥቅምት ናቸው። ስለዚህ ቻናሉ «ኅዳር 5» እያለ የሚለጥፈው ሁሉ የተፈጸመው ጥቅምት 26 ነው። ልዩነቱ ከወር ወር ይለያያል። መስከረምና ጥቅምት ላይ 10 ቀን ይቀነሳል፣ ኅዳርና ታኅሣሥ ላይ 9፣ ሐምሌ ላይ 7። ዓመቱ ደግሞ ከእንቁጣጣሽ እስከ ዲሴምበር መጨረሻ 7፣ ከዚያ ወዲህ 8 ይቀነሳል።

ይህቺ 7 እና 8 ብዙ ሰው ታሳስታለች። ጎረቤታችን የሆነውን የሰሜን ተራሮች ፓርክን ውሰዱት። ዩኔስኮ በዓለም ቅርስነት የመዘገበው በ1978 ሴፕቴምበር ወር መጀመሪያ ላይ ነው። «መስከረም ስለሆነ 7 ቀንስ» ብሎ 1971 የሚል አለ። ወሩ ግን ገና ጳጉሜን ነበር። 1970 ነው። የፋሲል ግቢ በዓመቱ፣ በ1979 ኦክቶበር ላይ ተመዘገበ፤ ያኛው በትክክል 7 ተቀንሶ 1972 ይሆናል። በሁለቱ መካከል በእነሱ አንድ ዓመት፣ በእኛ ሁለት ዓመት። ይህን ልጅ ፈተና ላይ ቢሳሳት አልፈርድበትም።

«እ.ኤ.አ. ብሎ መጻፍ ነዋ» የሚል አይጠፋም። ትክክል ነው። ግን ተመልከቱት፤ «እ.ኤ.አ.» እና «እ.ኢ.አ.» የሚለያዩት በአንዲት ፊደል እግር ነው። በስልክ ኪቦርድ ላይ ጣት ሸርተት ካለ ስምንት ዓመት ሄደ። እኔ በበኩሌ «በፈረንጆቹ» ብሎ በሙሉ ቃል መጻፍ ይሻለኛል። ይረዝማል እንጂ አያሳስትም።

ወደ ቀናችን እንመለስ።

ጣሊያን ጎንደር የገባው መጋቢት 23 ቀን 1928 ዓ.ም. ነው፤ በፈረንጆቹ አፕሪል 1፣ 1936። አዲስ አበባ የገባው ከአንድ ወር በኋላ ሚያዝያ 27 ነው። ንጉሠ ነገሥቱም ከአምስት ዓመት በኋላ በዚያው ሚያዝያ 27 ቀን፣ በ1933፣ አዲስ አበባ ተመልሰው ገቡ። «አምስቱ የጠላት ዘመን» የሚባለው ከዚህ የመጣ ነው። ለአዲስ አበባ ልክ ነው፤ አንድ ቀን አይጎድልም፣ አንድ ቀን አይተርፍም።

ለጎንደር ግን ልክ አይመጣም። ሚያዝያ 27 ቀን 1933 አዲስ አበባ እልል ስትል ጎንደር ላይ የጣሊያን ባንዲራ ይውለበለብ ነበር። ከዚያ በኋላም ሰኔ ሄደ፣ ክረምቱ ወጣ፣ እንቁጣጣሽ መጣ፣ መስቀል ተደመረ፣ ባንዲራው አልወረደም። ቁጥሩን አስልቼዋለሁ፤ 206 ቀን ነው። ጎንደር በጣሊያን እጅ የቆየችው አምስት ዓመት ሳይሆን አምስት ዓመት ከስምንት ወር ገደማ ነው። ይህን ለተማሪ ስትነግሩት መጀመሪያ አያምንም። መጽሐፉ አምስት ዓመት ይላላ!

ለምን ዘገየ? ጎንደር በተፈጥሮዋ ምሽግ ናት። ከሰሜን ለሚመጣ ሊማሊሞ አለ። ወደ ደብረ ታቦር በሚወስደው መንገድ ደግሞ ቁልቋል በር አለ። ሁለቱንም በሮች ጣሊያን ይዟቸው ነበር። ምጽዋና አስመራ ተለቀው፣ አምባላጌ ላይ የጣሊያኑ እንደራሴ የአውስታው መስፍን እጁን ሰጥቶ፣ ጅማም ተይዞ ጎንደር ብቻዋን ቀረች። ክረምቱ ገባና መንገዱ ጭቃ ሆነ። የጎንደሩ አዛዥ ጄኔራል ጉሊየልሞ ናሲ የክረምቱን ጊዜ ተጠቀመበት። (ናሲ ነው እንጂ ናዚ አይደለም፤ ዝርዝሮቹ ላይ ይህም ተምታቶ አይቻለሁ።)

ዝናቡ ሲያባራ ቁልቋል በር ላይ ከባድ ውጊያ ሆነ። ምሽጉ የወደቀው ኅዳር 12 ነው፤ በሚካኤል። ከስድስት ቀን በኋላ፣ ኅዳር 18 ጠዋት፣ በከተማዋ ላይ የመጨረሻው ጥቃት ተከፈተ። ከእንግሊዝ ጋር የተሰለፈው ወታደር አብዛኛው ከኬንያና ከሌሎች የምሥራቅ አፍሪካ ቅኝ ግዛቶች የመጣ ጥቁር ወታደር ነበር። ከጎኑ የኢትዮጵያ አርበኞች ነበሩ። አሞራው ውብነህን የመሳሰሉ የበጌምድር ሰዎች እኮ ከዚያ በፊትም ለዓመታት ጣሊያንን በየጫካው ሲያስጨንቁት የኖሩ ናቸው። ከሰዓት በኋላ ናሲ እጁን ሰጠ። የተማረከው ወታደር ከ20,000 በላይ ነው። በምሥራቅ አፍሪካ የጣሊያን የመጨረሻው ዋና ምሽግ ጎንደር ነበረች። አለቀ።

ዋጋውን የከፈለው ሰው ብቻ አይደለም። ጣሊያን የፋሲልን ግቢ ለጦር ሠፈር ስለተጠቀመበት የእንግሊዝ አውሮፕላኖች ደበደቡት። የታላቁ ኢያሱ ቤተ መንግሥት አንዱ ተጎጂ ነው። ለረጅም ዘመን ጣሪያው ተገንጥሎ ሰማይ ይታይበት የነበረው ግንብ እሱ ነው። ከዚያ በፊት በ1704 በፈረንጆቹ የመሬት መንቀጥቀጥም አግኝቶታል። በቅርቡ በተደረገው እድሳት ግቢው ብዙ ተለውጧል።

ጣሊያን ከሄደ ወዲህም ቋንቋው አልሄደም። ፒያሳ እንላለን፣ አውቶ ፓርኮ እንላለን። ባጃጅ ተሳፍሮ «አውቶ ፓርኮ ወራጅ አለ» የሚል ሰው የጣሊያን ወታደራዊ ቃል እየተናገረ እንደሆነ አይታወቀውም።

ይህን ሁሉ ይዞ የሚመጣው ቀን ነው እንግዲህ ዝርዝሩ ላይ በሚኪ ማውስ የተተካው።

ከሰዓት በፊት ጃን ተከል አካባቢ ወደምወዳት ጀበና ቡና ጎራ አልኩ። ግድግዳው ላይ ካላንደር ተሰቅሏል። ሁላችሁም ታውቁታላችሁ፤ ከላይ የቤተ ክርስቲያን ሥዕል፣ ከታች የወሩ ሠንጠረዥ። የእኛ ቀን በትልቅ ቁጥር ተጽፎ፣ ጥግ ላይ የፈረንጁ ቀን ጉንዳን በምታክል ቁጥር አለች። ቀረብ ብዬ አየሁት። ትልቁ 18፣ ትንሿ 27። ችግሩ በሙሉ በዚያች ካሬ ውስጥ ተፈትቶ ተቀምጧል። ኢንተርኔት አያስፈልግም፣ አፕ አያስፈልግም። አዘጋጁ ከወንበሩ ተነስቶ ግድግዳውን ቢያይ ይበቃው ነበር።

አጠገቤ የተቀመጡ አንድ ሽማግሌ ምን እንደማፈጥበት ጠየቁኝ። ነገርኳቸው።

«ኅዳር ሃያ ሰባት? ማን ነው እንደዚያ ያለው?»

«ስልክ ላይ ነው፣ ጋሼ።»

«አባቴ ሲናገር ለጽዮን ሦስት ቀን ሲቀረው ነበር የሚለው። ቁጥር አያውቅም እሱ።»

ኅዳር ጽዮን 21 ነው። ሦስት ሲቀነስ 18። ቁጥር የማያውቁት አባት ከቴሌግራም ቻናሉ ይልቅ ልክ ናቸው። ይህ አጋጣሚ አይደለም። የእኛ ቀኖች ቁጥር ብቻ አይደሉም፤ እያንዳንዱ ስም አለው። 12 ሚካኤል፣ 21 ማርያም፣ 23 ጊዮርጊስ። አርባ አራቱ ታቦት ባለበት ከተማ ሰው ቀን የሚይዘው በታቦቱ ነው። ቁልቋል በር በሚካኤል ወደቀ ካላችሁ ማንም አይረሳውም። ያው ኅዳር ሚካኤል ደግሞ ሌላ ነገር ያስታውሳል። በ1911 ያ የኅዳር በሽታ አገሩን የጨረሰበት መታሰቢያ ነው፤ በተለይ አዲስ አበባ ላይ ቆሻሻ ተጠርጎ የሚቃጠልበት፣ «ኅዳር ሲታጠን» የሚባለው። ቀኑን «ኖቬምበር 21» ብላችሁ ጻፉት፤ ሚካኤልም ጭሱም ጠፋ።

ዓድዋም እንዲሁ ነው። የካቲት 23 የጊዮርጊስ ቀን ነው። ታሪኩ ውስጥ ጊዮርጊስ የገባው በከንቱ አይደለም። ዓድዋ ላይ ግን ከጊዮርጊስ ሌላ አንድ እንቆቅልሽ አለ፤ ብዙ ሰው የሚከራከርበት። የፈረንጅ መጻሕፍት ሁሉ ጦርነቱ የተደረገው ማርች 1፣ 1896 ነው ይላሉ። እኛ ደግሞ በዓሉን የምናከብረው ማርች 2 ላይ ነው። ማን ተሳሳተ? ማንም አልተሳሳተም።

የእኛ አቆጣጠር በየአራት ዓመቱ፣ የሉቃስ ዓመት ሲያልቅ፣ ጳጉሜን ስድስት ታደርጋለች። ሳታቋርጥ። የፈረንጆቹ ግን ከ1582 ወዲህ አንድ ጠባይ አመጡ፤ በመቶ የሚካፈለውን ዓመት፣ በ400 ካልተካፈለ በቀር፣ ያቺን ተጨማሪ ቀን ይነፍጉታል። 1900 እንደዚያ ተነፈገ። ፌብሩዋሪ 29 ሳይኖረው አለፈ። በዚያ ምክንያት ሁለቱ አቆጣጠሮች አንድ ቀን ተራራቁ። የካቲት 23 በ1888 ማርች 1 ላይ ዋለ። ድሉ አራት ዓመት ሲሞላው፣ በ1892፣ ማርች 2 ላይ ዋለ። ከዚያ ወዲህ እዚያው ነው። የካቲት 23 ከቦታው አልተነሳችም። የተነሳው የእነሱ ነው።

አፄ ቴዎድሮስም ላይ ያው ይደርሳል። መቅደላ ላይ የሞቱት ሚያዝያ 6 ቀን 1860 ዓ.ም. ነው፤ የፋሲካ ማግስት ሰኞ። በፈረንጆቹ ያኔ አፕሪል 13 ነበር። ዛሬ ሚያዝያ 6 የሚውለው አፕሪል 14 ነው። ስለዚህ አፕሪል 13 ላይ «ዛሬ ቴዎድሮስ የሞቱበት ነው» የሚልና ሚያዝያ 6 ላይ የሚል ሁለት ሰው በአንድ ቀን ይለያያሉ፤ በየዓመቱም ፌስቡክ ላይ ይሰዳደባሉ። ሁለቱም የያዙት ነገር አላቸው። (ቻናሉ ደግሞ «ሚያዝያ 13» ይልና ሁለቱንም ያስታርቃል።)

ይህ ነገር ገና አላለቀም። 2100 በፈረንጆቹ እንደገና ይነፈጋል። ከዚያ ወዲያ ዓድዋ ማርች 3 ይሆናል። ጥምቀትም እንዲሁ ነው። በቴዎድሮስ ዘመን በአብዛኛው ጃንዋሪ 18 ይውል ነበር፣ አሁን 19 ነው፣ ያኔ 20 ይሆናል። የጎንደርን ጥምቀት ለማየት ያኔ አውሮፕላን የሚቆርጥ ቱሪስት ካለ ከአሁኑ ይወቀው። ለእኛ ጥር 11 ነው። ፋሲል መዋኛ ውኃ የሚሞላው ጥር 11ን አይቶ ነው።

ደግሞ ወደ ኋላ ስትሄዱ ሌላ ወጥመድ አለ። ዝርዝሮቹ ኖቬምበር 27 ላይ የማይረሱት ነገር አለ፤ ጳጳስ ኡርባን 2ኛ በ1095 ለመስቀል ጦርነት የቀሰቀሱበትን ንግግር። «ኖቬምበር 27 ከሆነ እሱም ኅዳር 18 ነዋ» ትሉ ይሆናል። አይደለም። ያኔ አውሮፓም እንደ እኛ በየአራት ዓመቱ ሳታቋርጥ ነበር የምትቆጥረው። በእኛ ሲሰላ ኅዳር 30 ላይ ያርፋል። አንድ «ኖቬምበር 27»፣ ሁለት የተለያየ ኅዳር።

ሰዓትም አለ። ይኼኛው ይገርመኛል። ሰው ጨረቃ ላይ የረገጠበት ቀን በዝርዝሮቹ ላይ «ሐምሌ 20፣ 1969» ነው። እሺ፣ ወሩን እናስተካክል፤ ጁላይ 20 ማለት ሐምሌ 13 ቀን 1961 ነው። መንኮራኩሯ ጨረቃ ላይ ያረፈችው በእኛ ሰዓት ከምሽቱ 5 ሰዓት ከ17 ገደማ ነው። ሐምሌ 13፤ ትክክል። ኒል አርምስትሮንግ ወርዶ እግሩን ያሳረፈው ግን ከሰዓታት በኋላ ነው። አሜሪካ ላይ ገና እሁድ ማታ ነው። እዚህ ግን ሌሊቱ 11 ሰዓት ከ56 ሆኗል። ለሰኞ አጥቢያ። ጎንደር ላይ በዚያች ደቂቃ ዶሮ ጮኾ፣ ሐምሌ ነውና ጉም ወርዶ፣ ቅዳሴ የሚሄደው ሰው ነጠላውን ተከናንቦ ወጥቷል። አርምስትሮንግ ጨረቃን የረገጠው ለኛ ሐምሌ 14 ነው።

ከሁሉ የሚያስቀኝ ግን ዛሬ ጠዋት የተላከው ዝርዝር የመጀመሪያው መስመር ነው። የባቡር ድርጅቶች በየከተማው የተለያየው ሰዓት ቢያስቸግራቸው አንድ አደረጉት ይላል። ያን የሚያወራው ዝርዝር ራሱ የሁለት አገር ቀን አደባልቆ ባቡሩን ገደል ከቶታል።

ዜናውም ላይ ተመሳሳይ ነገር አለ፤ ብዙ አልቆይበትም። ኅዳር 14 አፋር ውስጥ ኤርታ አሌ አጠገብ ሃይሊ ጉቢ የሚባለው እሳተ ገሞራ ፈነዳ። አመዱ ቀይ ባሕርን ተሻግሮ በየመንና በኦማን በኩል ህንድ ድረስ ሄደ። ይህ እውነት ነው። ስልካችን ላይ ግን «ከ12,000 ዓመት በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ» ተብሎ መጣ። ሳይንቲስቶቹ የሚሉት ላለፉት 12,000 ዓመታት ገደማ ፈንድቶ እንደሆነ የሚታወቅ መዝገብ የለም ነው። የሚታወቅ የለም ማለትና አልፈነዳም ማለት አንድ አይደለም። ያ አካባቢ ሩቅ ነው፣ በረሃ ነው፣ ሄዶ ያጠናው ሰውም ጥቂት ነው። አርዕስት ላይ ግን «መዝገብ የለም» የሚለው ቃል ላይክ አያመጣም። «12,000 ዓመት» ያመጣል።

እኔ እነዚህን ዝርዝሮች የሚያዘጋጁ ልጆች ላይ ለመጮህ አይደለም ይህን የምጽፈው። በነፃ ነው የሚሠሩት። ብዙ ጊዜ ማታ ከሥራ መልስ ይመስለኛል። እንግሊዝኛ የማያነበው ሰው በእነሱ በኩል ኖቤልን ያውቃል፣ ላትቪያ የምትባል አገር እንዳለች ያውቃል። ችግሩ የመጣው ከስንፍና ብቻም አይደለም። በእንግሊዝኛ የተዘጋጀ የ«ዛሬ በታሪክ» መዝገብ በየቦታው አለ፤ ለእያንዳንዱ ቀን መቶ መስመር ታገኛለህ። በእኛ አቆጣጠር፣ በመስከረም 1 ተጀምሮ በጳጉሜን የሚያልቅ፣ ልጁ ገልብጦ የሚለጥፈው መዝገብ ቢኖረው ለምን ኖቬምበርን ይተረጉም ነበር? የሌለው እሱ ነው። ሥራው ከባድ አይደለም። ታሪኩን የሚያውቅ መምህር፣ ባሕረ ሐሳብ የሚያውቅ አንድ የቅኔ ቤት ሰው፣ ኮምፒውተር የሚችል አንድ ተማሪ። ጎንደር ሦስቱም ሞልተዋታል። ዩኒቨርሲቲም አላት።

የጎንደርን ቆርቋሪ ዓመት እንኳ ተመልከቱ። አንዱ 1628 ይላል፣ አንዱ 1636። ፋሲለደስ ከተማቸውን የቆረቆሩት ሁለት ጊዜ አይደለም። አንዱ በእኛ፣ አንዱ በእነሱ ነው። ይህን ሳያስተካክሉ 400ኛ ዓመቷ ሲደርስ በዓሉን ማን መቼ ሊያከብር እንደሆነ አስቡት። በፈረንጅ ስናሰላውም በእኛ ስናሰላውም ከአሥር ዓመት ገደማ በኋላ ይደርሳል፤ አንዱን ከአንዱ ቀላቅለን ከቀነስን ግን 1628ን ከፈረንጆቹ 2028 ጋር አገናኝተን ከሁለት ዓመት በኋላ ድንኳን ልንተክል ነው።

ማታ እህቴ ቤት ሄድኩ። ቡናው ሁለተኛው ላይ ደርሷል። ልጅቷን አጠገቤ አስቀምጬ ካላንደሩን አወረድን። እውነተኛውን የኅዳር 18 ዝርዝር አብረን መሥራት ጀመርን። ቀላል ሆኖ ተገኘ፤ ለመረጥናቸው ዓመታት የፈረንጆቹን የኖቬምበር 27 ዝርዝር ከፍታ ዓመቱን መቀነስ ብቻ ነው።

ኅዳር 18 ቀን 1888፦ አልፍሬድ ኖቤል ፓሪስ ላይ ሀብቱን ለሽልማት ያዋለበትን ኑዛዜ ፈረመ። ምኒልክ ያኔ ሠራዊታቸውን ይዘው ወደ ሰሜን ጉዞ ላይ ናቸው፤ ዓድዋ ሊሆን 95 ቀን ይቀራል። ይህን ስነግራት ዓይኗ ፈጠጠ። ሁለቱን ነገሮች በአንድ ዓመት ውስጥ አስባቸው አታውቅም። 1895ን ከ1888 ጋር ማን ያገናኛል?

ኅዳር 18 ቀን 1933፦ ብሩስ ሊ ሳን ፍራንሲስኮ ተወለደ። ይህን ወንድሟ ነው ያስገባው፣ በግድ።

ኅዳር 18 ቀን 1934፦ ጎንደር።

«ብሩስ ሊ አንደኛ ዓመቱን ሲይዝ ማለት ነው?» አለች።

«በዚያው ቀን።»

ሳቀችና ጽፋ ላከችው። መጀመሪያ የመለሰው አዘዞ ያለው አጎቷ ነው። «ይኼ ባለፈው ዓመት ኅዳር 27 ላይ አልነበረም እንዴ?» ይላል።

«አጎቴ፣ ቻናሉ ዘንድሮም 27 ላይ ይለጥፈዋል አይደል?» አለችኝ።

«ይለጥፈዋል።»

«ምን ልበላቸው?»

የግድግዳ ካላንደሩን ፎቶ አንሺና ላኪላቸው አልኳት። ገና ዘጠኝ ቀን አለ።